ምክንያቱ በይፋ አልተገለጸም

ኅዳር 3

ዋርሳዬ ዳኛው፣

እንደምን ከረምክ? ጉሮሮህን ተሻለህ? እኛ ደህና ነን። ቀለሙ ይሸጣል፣ ጣራው እንደ ወትሮው ያፈሳል። ወንድምህም ደህና ነው።

ይህን የመጨረሻውን ጽፌ ብዕሬን አስቀመጥኩና ለአንድ ደንበኛ ብሩሽ ሸጥኩ። ተመልሼ ሳነበው ውሸት ነው። ልሰርዘው ብዬ ተውኩት፤ ለሰላምታ ያህል ይቁም።

ለምን እንደማልደውል ጠይቀሃል። ስልኬ ከወንድምህ እጅ አይወጣም። ብትደውል የሚያነሳው እሱ ነው፤ መልእክት ብትልክ የሚያነበው እሱ ነው። ስለዚህ በሱቁ የፖስታ ሳጥን ጻፍልኝ። እኔ የምልከውን ሁሉ መጀመሪያ በቀን ማስታወሻዬ ላይ እጽፍና እገለብጠዋለሁ፤ ያንተንም እዚያው እለጥፋለሁ። ነጋዴ ነኝ፤ ኮፒ ሳይቀር ከእጄ የሚወጣ ነገር የለም።

ነገሩ እንዲህ ነው። የተውኔት ትምህርት ቤቱ መምህር ፈልጎ ወንድምህ አመለከተ። የቴሌቪዥን ኮሜዲው «ደረጃው ላይ» ከተቋረጠ ወዲህ ለሥራ ብሎ ከቤት ሲወጣ የመጀመሪያው ነው። ሸሚዙን ተኩሼ ላክሁት። ኮሚቴው በደስታ ተቀበለው። «እስቲ ቆጣሪ አንባቢውን እዚሁ ሥራልን» አሉት። ያንን በየፎቁ እየወጣ የሁሉንም ቤት ቆጣሪ ሲያነብ የሁሉንም ቤት ጉድ የሚያውቀውን ሰውዬ ሠራላቸው፤ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። ከዚያ አንደኛው ስልኩን አወጣ። አንተ በትርፍ ጊዜህ የምትለፋበትን፣ ማንም ሰው የሚጽፍበትን ያንን የኢንተርኔት መዝገበ ዕውቀት ከፈተና ጮክ ብሎ አነበበ። «ተከታታይ ኮሜዲው የተቋረጠው ዋናው ተዋናይ ወደ ቀረጻ ሰክሮ ይመጣ ስለነበር ነው» ይላል። ሳቁ ቆመ። «እንነግርዎታለን» ብለው ሸኙት። ውሳኔው ገና ነው።

ወንድምህ መጠጥ በአፉ ዞሮ አያውቅም። ጻድቅ ስለሆነ አይደለም፣ ጨጓራው አይፈቅድለትም እንጂ። ለምን እንደተቋረጠ ደግሞ እኔም አንተም እናውቃለን። አሥራ አንደኛው ክፍል ላይ ቆጣሪ አንባቢው በአንዲት ባልቴት ቧንቧ እጁን ይታጠባል፤ ቢያሸው ቢያሸው ሳሙናው አረፋ አላወጣ ይለዋል። «እማማ፣ ይሄ ሳሙና ቆጣሪዎን አዞረው እንጂ እጄንስ አላጠበውም» ይላል። የዝግጅቱ ስፖንሰር የሳሙና ፋብሪካ ነበር። በሳምንቱ ፋብሪካው ማስታወቂያውን አነሳ፣ ጣቢያው ደግሞ ዝግጅቱን። ዳይሬክተሩ ራሱ እኛ ቤት በር ላይ ቆሞ በሹክሹክታ ነግሮናል። ያን ክፍል ከቴሌቪዥን የቀዳሁበት ካሴት ዛሬም እኔ ዘንድ አለ፤ ካስፈለገ አወጣዋለሁ።

ከትምህርት ቤቱ ከተመለሰ ወዲህ ወንድምህ ያንኑ ዐረፍተ ነገር ያነባል። ተኝቶ ነው የሚያነበው።

የቆጣሪ አንባቢውን ካፖርት ለብሶ የተነሳው ፎቶስ ለምን ከገጹ ወረደ? አንተ እዚያ መዝገብ ላይ ትልቅ ሰው ነህ። አጥፋልኝ። አንድ ዐረፍተ ነገር ነው። እኔ የአንድ ግድግዳ ስህተት በአንድ ሮለር አጠፋለሁ።

የወንድምህ ሚስት


ኅዳር 12

እትዬ፣

ጉሮሮዬ ድኗል፣ አመሰግናለሁ። ደብዳቤሽን ደጋግሜ አነበብኩት።

የሚከብደኝን አስቀድሜ ልጻፈው፦ አላጠፋውም። አልችልም ማለቴ አይደለም፤ አንድ ቁልፍ መጫን ነው። አላጠፋውም።

እዚያ መዝገብ ላይ ማንም ስለ ሥጋ ዘመዱ አይጽፍም። ሌሎች ይህን ሲጥሱ የማጣራው እኔ ነኝ። ባለፈው ዓመት አንድ ሰው የአባቱን ገጽ ሲያሳምር ይዤ አግጄዋለሁ። አባቱ ደግ ሰው ነበሩ ይሆናል። ዛሬ እኔ ተነስቼ የወንድሜን ገጽ ባጸዳ በምን ፊቴ ወንበሬ ላይ እቀመጣለሁ? የጋሼን ገጽ ከፍቼ እንኳ አላይም። እጄ ያመልጠኛል ብዬ እፈራለሁ።

ደግሞም ዐረፍተ ነገሩ ምንጭ አለው ይሉኛል፤ አንድ ሳምንታዊ ጋዜጣ። ስለ አንድ ነገር «እውነት ነው ወይ» ብለን አንጠይቅም፤ «ማን አሳተመው» ብለን ነው የምንጠይቀው። ክፉ ሕግ ይመስልሻል። ግን ሁሉም የራሱን እውነት ይዞ ቢመጣ መዝገቡ የጠበል ጸዲቅ ጠብ ይሆን ነበር።

ቆጣሪ አንባቢው ካፖርቱን ለብሶ የነበረው ፎቶ ለምን ወረደ ላልሽው፣ በክፋት አይደለም፤ ፎቶው የጣቢያው ንብረት ነው አሉኝ። አንቺ ራስሽ ያነሳሽው ካለ፣ ማንም እንዲጠቀምበት ፈቅደሽ ላኪልኝ። ይህን ያህል አይከለከልም። ከቴሌቪዥን የቀዳሽውን የአሥራ አንደኛውን ክፍል ካሴት ግን እባክሽ የትም እንዳታወጪው። ቤትሽ ቢቀመጥም መብቱ የእነሱ ነው።

ጋሼ ምን ይላል? ጢሙን ይላጫል? በልጅነቴ ሲከፋው የማውቀው በጢሙ ነበር።

ዳኛው


ኅዳር 20

ዋርሳዬ፣

ጢሙን ጠይቀሃል። አድጓል። ስለ ጢሙ ይብቃን።

«በምን ፊቴ» ትላለህ። እዚህ ሱቅ ጀርባ ባለችው ክፍል ሆነህ ስትማር፣ ወንድምህ ቀረጻ ውሎ መጥቶ ካልሲህን ሲያጥብልህ «የሥጋ ዘመድ ነህ፣ ተው» አላልከውም። ይህን የምለው ውለታ ልቆጥርብህ አይደለም። ተሳስቻለሁ፣ ልቆጥርብህ ነው።

ዳኛው የሚለውን ስም እሱ ነው ያወጣልህ፤ ዳቦ በማስመሪያ እየለካህ ታካፍል ስለነበር። ዛሬ ማስመሪያህን በእሱ ላይ አነሳህ።

ለማንኛውም እኔ እጄን አጣጥፌ አልተቀመጥኩም። ምስክር አግኝቻለሁ። የሳሙና ፋብሪካው የሽያጭ ኃላፊ የነበሩት ሽማግሌ ጡረታ ወጥተው ቤታቸውን ያሳድሳሉ፤ ኖራ የሚገዙት ከእኔ ነው።

«አባባ፣ ያኔ ማስታወቂያውን ለምን አነሳችሁት?» አልኳቸው።

«ልጄ፣ ሰው እየሳቀ ሳሙና አይገዛም» አሉኝ። «ባለቤቱማ ቴሌቪዥኑን ሊሰብረው ነበር፣ ሚስቱ ናት ወገቡን የያዘችው።»

«ይህንን ይፈርሙልኛል?»

«ጡረታዬን የማይነካ ከሆነ እስክሪብቶ አምጪ።»

ፈርመዋል። ሁለት ጎረቤቶችም አሉበት። የሱቁን ማኅተም አድርጌበት ከዚህ ጋር ልኬልሃለሁ።

ጣቢያውም ሄጄ ነበር። የካሴት ክፍሉን ሰውዬ «የደረጃው ላይን አሥራ አንደኛ ክፍል አሳዩኝ» አልኩት። «የለም፣ በላዩ ኳስ ቀድተንበታል» አለኝ። «እንግዲያው እኔ ቤት ያለውን ላውጣው?» ስለው ከወንበሩ ብድግ አለ። «መብቱ የእኛ ነው!» ዕቃው የለም፣ መብቱ ግን አለ። ስነግድ ስኖር እንዲህ ያለ ዕቃ ገጥሞኝ አያውቅም።

«ጋሼ ምን ይላል?» ብለሃል። ይበላል። ሲያናግሩት ይመልሳል። ያን ዐረፍተ ነገር በቃሉ ይዞታል፣ ግን ያነበዋል። የጣራውን በር ቁልፍ በክር አድርጌ አንገቴ ላይ ነው የማውለው። ለምን ብለህ አትጠይቀኝ። ብትጠይቀኝ የተሰጣ ልብስ እንዳይሰረቅ ነው እልሃለሁ።


ኅዳር 27

እትዬ፣

ስለ ጣራው አልጠየቅሁም። ቁልፉን ግን እንዳታወልቂው።

ካልሲውን አልረሳሁም። ማስመሪያውንም አልረሳሁም። ሁለቱን ባንድ ልብ ይዤ መሥራት እያቃተኝ ነው፤ ይህን ለማንም አልተናገርኩም።

የሽማግሌው ወረቀት አይሆንም። ማኅተምሽ ሐሰት ነው ማለቴ አይደለም፤ የትም ያልወጣ ምስክርነት ማንም ሄዶ ሊያየው አይችልም። እሳቸው ያኔ ለአንድ ጋዜጣ ተናግረው ቢሆን ኖሮ ነገሩ ሌላ ነበር። እውነት በእጅሽ አለ፤ የሌለሽ ኅትመት ነው።

ከዚህ በላይ የሚያጽናና ነገር ለመጻፍ ሦስት ጊዜ ሞክሬ ወረቀቱን ቀደድኩት። ይህ አራተኛው ነው፤ ባዶ ቢሆንም ይሂድ።

ዳኛው


ታኅሣሥ 4

ዋርሳዬ፣

ኅትመት ነው የሌለሽ አልከኝ? እንካ ኅትመት!

እዚያው ጋዜጣ ሄጄ አሳተምኩ። ቆርጬ ልኬልሃለሁ። ከጠፋ የመኪና ሰሌዳ በታች፣ ከጨረታ በላይ ነው፤ በድርብ መስመር አስከብቤዋለሁ። «ሕዝቡ እንዲያውቀው» ይላል፣ «ተዋናዩ ሰክሮ ወደ ቀረጻ ይመጣ ነበር የሚባለው ፍጹም ሐሰት ነው፤ ዝግጅቱ የተቋረጠው ስለ ሳሙና በተቀለደ ቀልድ ነው።» የሽማግሌው ስም፣ የጎረቤቶቹ ስም፣ የእኔ ስም፣ ሁሉም አለበት። የማስታወቂያ ክፍሏ ልጅ «እሜቴ፣ እንዲህ ያለ ጠንካራ ማስታወቂያ አውጥተን አናውቅም» አለችኝ።

እንግዲህ ምንጭ አምጪ ብለህ ነበር፣ ይኸውልህ። አንተ በዘመድነት በእጅህ መንካት ካፈርክ ለጓደኞችህ አሳያቸው።

ለወንድምህ አልነገርኩትም። ተስተካክሎ ራሱ ሲያየው ፊቱን ማየት እፈልጋለሁ። ዛሬ ሱቁን ስከፍት ለመጀመሪያ ጊዜ ትከሻዬ ቀለል አለኝ።


ታኅሣሥ 9

እትዬ፣

ይህ እንደደረሰሽ ስልኩን ከጋሼ እጅ ውሰጂ። ተሰበረ በይ፣ ጠፋ በይ፣ እኔ ነኝ የወሰድኩት በይ። ብቻ ውሰጂ።

ከፍለሽ ያወጣሽው ማስታወቂያ ምንጭ አይሆንም። የሚመሰክረው ለአንድ ነገር ብቻ ነው፦ ቤተሰቡ እንዳስተባበለ። አንድ የማላውቀው ጸሐፊ አነበበውና ገጹ ላይ አስገባው፤ አንድ ባልደረባዬ ገልብጦ ላከልኝ። እስካሁን አንድ ዐረፍተ ነገር የነበረው ነገር አሁን የራሱ ርእስ አለው። «የስካር ውዝግብ» ይላል። ከሥሩ «የተዋናዩ ባለቤት በተከፈለበት ማስታወቂያ ክሱን አስተባብላለች» ይልና የአንቺን ጋዜጣ ከግርጌ ያስቀምጣል። ስምሽ አለበት። ሕግ አልጣሰም፤ ይህ ነው የሚያመኝ። ቃል በቃል ትክክል ነው።

አሳትሚ አላልኩሽም ልል ነበር፤ አልልም። ለነጋዴ «የሌለሽ ኅትመት ነው» ብዬ ጽፌ ሌላ ምን እንድትረጂ ጠበቅሁ? ነጋዴ የሌለውን ይገዛል። ጥፋቱ የብዕሬ ነው።

እባክሽ ከእንግዲህ ምንም አታድርጊ። እባክሽ። ስልኩን ብቻ ውሰጂ።

ዳኛው


ከማስታወሻዬ፣ ታኅሣሥ 17። የዳኛው ደብዳቤ ዛሬ ከፖስታ ሳጥኑ ወጣ። ስልኩን ውሰጂ ይላል። ስልኩ እኔ ጋ ነው፤ መስታወቱ ተሰንጥቋል። ሰውዬው ሆስፒታል ነው። ሱቁ ተዘግቷል። መልስ ጀምሬ «እንደምን ሰነበትክ» ከሚለው አላለፍኩም።


ጥር 2

ዋርሳዬ፣

«ጋሼ ምን ሆነ?» የምትለዋ አጭር ደብዳቤህ ደረሰችኝ፤ ሳልለጥፋት ኪሴ ውስጥ ቀርታለች። ማን ነገረህ? የስልክ ጠጋኙ ጎረቤቴ መሆን አለበት፤ ምላሱ ከመፍቻው ይፈጥናል። እሺ። አዎ፣ ሆስፒታል ነበርን። አሁን ቤት ነን። እግሩ በጀሶ ነው።

ምን እንደሆነ አልጽፍልህም፤ ብትመጣም በቃል አልነግርህም። ቁልፉ አንገቴ ላይ ነበር። ስለ ጣራው ሳስብ መስኮቱን ረሳሁት። ከመስኮቱ በታች የተወጠረው የሱቁ ሸራ ይባረክ፤ ባለፈው ወር አዲስ ያስወጠርኩት ነው። ይህን ያህል ይበቃሃል።

ልምጣ ወይ ብለሃል። አትምጣ። ዘመድ ከሩቅ ሲመጣ ሰው የሕመሙን ልክ ያውቃል።

ስለ ካሴቱም ጠይቀሃል። እኔ አላወጣሁትም። እንዳይበላሽ ገልብጥልኝ ብዬ የሰጠሁት የስልክ ጠጋኙ ነው ኢንተርኔት ላይ የለቀቀው። አውጣው አላልኩትም፤ አታውጣው ብዬም አልተቆጣሁትም። ለጥቂት ቀን ሰው ሁሉ አየው። እሱ ሱቅ በር ላይ ሰዎች ተሰብስበው ሲስቁ ድምፁ እስከ እኛ መኝታ ቤት ይደርስ ነበር።

«ማን ነው እንዲህ የሚያስቃቸው?» አለኝ ወንድምህ።

«አንተ» አልኩት።

ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

ከዚያ የጣቢያው ጠበቃ ማስጠንቀቂያ ላከ፣ ወረደ። ለአንድ ካሴት ቦታ አጥተው በላዩ ኳስ ቀዱበት፤ ለጠበቃ ግን ቦታ አላቸው።

ስለ ጋዜጣው ደግሞ ትዕግሥቴ ስላለቀ ሄጄ ተጣልቼ መጣሁ። አታድርጊ ብለኸኝ ነበር፤ ሰማሁህ፣ አደረግሁት። መጀመሪያ ስለ ስካሩ የጻፈውን ሰውዬ በአካል ፈለግሁ። የዝነኞችን ወሬ የሚጽፍ፣ መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ መነጽሩን የሚፈልግ ሰው ነው።

«ባሌ ሲሰክር የት አየኸው?» አልኩት።

«እኔ? የት አይቼው አውቃለሁ?»

«ማን ነገረህ ታዲያ?»

«እሜቴ፣ አይቆጡኝ። እኔ ከኪሴ አላወጣሁትም። የኢንተርኔቱ መዝገበ ዕውቀት ላይ ተጽፎ አይደል እንዴ ያለው! እዚያ ከተጻፈ ብዬ ነው። የተማሩ ሰዎች አጣርተው የሚጽፉት ነው ይባላል።»

«መነጽርህ ግንባርህ ላይ ነው» ብዬው ወጣሁ።

እንግዲህ እንዲህ ነው። ሌባ ስትይዘው «ከአንተው ቤት ነው ያገኘሁት» ይልሃል። ከእንግዲህ ለማንም አልጽፍም፣ ከማንም ጋር አልጣላም። ላንተም መጻፍ ሳልተው አልቀርም። አልተቀየምኩህም። ደክሞኛል።


ጥር 11

እትዬ፣

አትተይ። ይህን አንብቢና ከዚያ ተይ።

ጋዜጠኛው ያለሽን ለስድብ ብለሽ ነው የጻፍሽልኝ። እኔ ግን አንብቤው ከመቀመጫዬ ተነሳሁ። የጋሼን ገጽ ለመጀመሪያ ጊዜ ከፈትኩ።

እዚያ የተጻፈ ሁሉ፣ የተሰረዘውም ጭምር፣ ከነቀኑ ተቀምጦ ይኖራል። የስካሩን ነገር ስሙን ያልገለጸ ሰው የጻፈው ባለፈው ክረምት ነው፤ ያለ ምንም ምንጭ። ጋዜጣው የወጣው ክረምቱ ካለፈ በኋላ ነው። ከዚያ ሌላ ሰው መጥቶ ጋዜጣውን ከዐረፍተ ነገሩ ግርጌ አስቀመጠው። ጋዜጣው ከገጹ ቀዳ፣ ገጹ ጋዜጣውን ጠቀሰ። ልጅ ለአባቱ ልደት ምስክር ቆመ ማለት ነው። ሲጀመር ያየም የሰማም ሰው የለም።

ይህን ለማወቅ ሁለቱን ቀኖች ማስተያየት ብቻ ነበር የሚያስፈልገው። እኔ ለሌላ ሰው ገጽ በየዕለቱ የማደርገው ነገር ነው። የወንድሜ ስለሆነ አላየሁም። ገለልተኛ ልሁን ብዬ ዐይኔን ጨፈንኩ። ገለልተኛ መሆንና ዐይን መጨፈን አንድ እንዳልሆኑ ለሰው ሳስተምር ኖሬ እኔው አላወቅሁትም። ጋሼ ሸራው ላይ የወደቀው እኔ ዐይኔን ጨፍኜ ሳለሁ ነው። ይቅርታ ልበልሽ? ቃሉ አነሰብኝ።

አሁንም በእጄ አላጠፋሁትም። ጸሐፊዎቹ በሚወያዩበት ገጽ ላይ ማን እንደሆንኩ ጻፍኩና ቀኖቹን ጎን ለጎን አስቀመጥኩላቸው። ብዙ ተባለ። አንዱ «ለካ ዳኛው የተከሳሽ ወንድም ኖሯል!» ብሎ ሳቀ። ያ የአባቱን ገጽ በማሳመሩ ያገድኩት ሰውም እገዳው አልቆ መጣ፤ ምን ሊለኝ ነው ብዬ ስፈራ «ቀኖቹ ትክክል ናቸው፣ ይነሳ» ብሎ ብቻ ሄደ። ከአጣሪነቴ ለቅቄአለሁ። ልቀቅ ያለኝ አልነበረም፤ ቆይ ያለኝም የለም።

ዐረፍተ ነገሩ ተነስቷል። «ውዝግብ» የሚለውም፣ ስምሽም፣ ማስታወቂያሽም አብረው ተነስተዋል።

ሳሙናው ግን አልገባም። ያ ቀልድ አሥራ አንደኛው ክፍል ላይ እንደነበረ ገብቷል፤ ዝግጅቱ የተቋረጠው በእሱ ምክንያት መሆኑን ግን ያሳተመ የለም። አሁን ገጹ እንዲህ ይላል፦ «ዝግጅቱ አሥራ አንድ ክፍሎች ከተላለፉ በኋላ ተቋርጧል። ምክንያቱ በይፋ አልተገለጸም።» ያን ሁሉ ተንገላተሽ ያገኘሽው ይህ ነው። እውነቱ አይደለም፤ የውሸቱ አለመኖር ነው። አንድ ቀን አንድ ጋዜጠኛ በራሱ ተነስቶ ሽማግሌውን ቢያነጋግር ሊጻፍ ይችላል። አንቺ ግን ጋዜጠኛ እንዳትቀጥሪ።

የፎቶው ቦታ አሁንም ባዶ ነው።

ዳኛው


የካቲት 1

ዋርሳዬ፣

እንደምን ሰነበትክ? እኛ እንዳለን አለን። በዚህ ጊዜስ የምሰርዘው የለኝም።

ክፉውን ላስቀድምልህ። ትምህርት ቤቱ ሌላ ሰው ቀጥሯል። የወሰኑት ገጹ ከመስተካከሉ በፊት ነው፤ ብፈጥን ኖሮ ብለህ ራስህን እንዳትበላ፣ እኔም ማስታወቂያውን ባላወጣ ኖሮ እያልኩ ራሴን በልቼ ጨርሻለሁ። ደብዳቤያቸውን ሁለት ቀን ሱቅ ውስጥ ደበቅሁት። ከዚያ ነገርኩት።

«አውቃለሁ» አለ። «ኮሚቴ ‹እንነግርዎታለን› ካለ ነግሮሃል ማለት ነው።»

ብርድ ልብሱን ወደ ላይ ሳበ። እኔም የማደርገው ጠፋኝ። መስኮቱን አየሁ፣ በሩን አየሁ። የምሸጠው ነገር የለኝ፣ የምገዛው ነገር የለኝ። እንዲህ ባዶ እጄን ቆሜ አላውቅም። በመጨረሻ ከሆስፒታል ከመጣን ጀምሮ የደበቅሁትን ስልክ አወጣሁና ሰጠሁት። «ገጹን ተመልከተው፣ ተነስቷል» አልኩት። ልክ ይሁን ስህተት አላውቅም ነበር። ሌላ የምሰጠው ስላጣሁ ነው።

አነበበው። «ምክንያቱ በይፋ አልተገለጸም» የሚለው ላይ ብዙ አልቆየም። ወደ ታች፣ ጸሐፊዎቹ ወደሚወያዩበት ወረደ። እዚያ ቆየ። ቆይቶ «ይሄ የኛ ዳኛው ነው?» አለኝ።

«የቱ?»

ጮክ ብሎ አነበበልኝ። አንተ ለእኔ ስትጽፍ ማን እንደሆንኩ ጻፍኩ ብለህ አለፍከው እንጂ ምን ብለህ እንደጻፍክ አልነገርከኝም። «እዚህ የምከራከርለት ሰው የእናቴ ልጅ ነው። ያሳደገኝ እሱ ነው። ስለዚህ እኔን አትመኑኝ፤ ቀኖቹን ብቻ እዩ።»

ደጋግሞ አነበበው፤ ያንን የድሮውን ያነብ በነበረበት አኳኋን።

«አትመኑኝ ብሎ የሚመሰክር ምስክር!» አለ። «በልጅነቱም እንዲህ ነበር። ዳቦውን በማስመሪያ ለክቶ ይቆርጥና፣ እኔ ነኝ የቆረጥኩት ብሎ ለራሱ ትንሹን ይወስዳል። ከዚያ ራበኝ ብሎ ያለቅሳል።» አፉ ይስቅ ነበር። ዐይኑን አልነግርህም፣ እሱ አላየችኝም ብሎ ያስባል።

በማግሥቱ ከሱቅ ስመለስ አልጋው ባዶ ነው። ልቤ የት እንደደረሰ ራስህ ገምተው። አገኘሁት፤ መታጠቢያው ጋ በርጩማ ላይ ተቀምጦ፣ ጀሶው ገና ሰሞኑን የወለቀለትን እግሩን ዘርግቶ፣ ያንን የትምህርት ቤቱን ሸሚዝ ያጥባል። በምን እንደሚያጥበው ልንገርህ? በዚያው ሳሙና። ፋብሪካው ዛሬም ይሸጣል፣ ከጎረቤት የሸቀጥ ሱቅ አስመጥቶት ነው። ያሸዋል፣ ያሸዋል። በሳፋው ያለው ውሃ እንደ መስታወት ጥርት ብሎ ተቀምጧል፤ የአረፋ ዘር የለበትም።

ቀና ብሎ አየኝና በእጁ ወደ ሳፋው ጠቆመ።

«ይኸው» አለ። «ይህን ማን ያሳትምልናል?»

ሳቅሁ። ዳኛው፣ እኔ ሳቅ ረስቼ ነበር። እሱ ደግሞ እንደ ድሮው ሳቄ እስኪያልቅ ፊቱን ሳይለውጥ ጠበቀኝ፤ ለሳቅ ቦታ ይተው ነበር ሁልጊዜ። ሳቄ ሲያልቅ እጁን ዘረጋ።

«የጣራውን ቁልፍ ስጪኝ። ላሰጣው።»

ቁልፉ ለምን አንገቴ ላይ እንዳለ ያውቃል። እኔም እንደሚያውቅ አውቃለሁ። «አምጣ እኔ ላሰጣልህ» ማለት ይቻለኝ ነበር። እጁ ተዘርግቶ፣ ውሃው ከክርኑ እየተንጠባጠበ ጠበቀ። ክሩን በራሴ ላይ አሳልፌ አወለቅሁና ቁልፉን መዳፉ ላይ አኖርኩለት። ተከትዬው ግን ወጣሁ፣ አንድ ደረጃ ብቻ ወደኋላ ቀርቼ። እኔ ያለ መያዣ አበድሬ አላውቅም።

እያነከሰ ወጣ። በየፎቁ ሲያርፍ እጁን ዐይኑ ላይ ጋርዶ የጎረቤቶቹን ቆጣሪ እያነበበ አሾፈ። ለእኔ ብሎ ይሁን ለራሱ አላወቅሁም። ነገ ምን እንደሚሆን አላውቅም። ዛሬ ሸሚዙን በሁለት መቆንጠጫ ሰቀለ።

ፎቶ ላኪልኝ ስትል ከርመሃል። እዚያው አነሳሁት፤ በራሴ ስልክ፣ በራሴ እጅ፣ መስታወቱ በተሰነጠቀው። ጢሙ እንዳለ ነው፣ አትገረም። ይህን ፎቶ ማንም ሰው በፈለገው ቦታ ያለ ክፍያ እንዲጠቀምበት ፈቅጃለሁ፤ ፊርማዬ ከጀርባው አለ። የእጄን ዕቃ በነጻ ስሰጥ ይህ የመጀመሪያዬ ነው።

ከሥሩ «ተዋናዩ፣ በቤቱ ጣራ ላይ» ብለህ ጻፍ፤ አንተ ካልሆንክ ሌላ ሰው ይጻፈው። በሕይወት ለመኖሩ ምንጭ አምጡ ካሉህ እኔ አለሁ በላቸው። ሚስቱ ናት፣ አትታመንም ካሉህ ፎቶው ላይ ያለውን ሸሚዝ አሳያቸው። ገና ያንጠባጥባል።

የወንድምህ ሚስት